ጀግናዋን የፈራች ሴት

ደብረ ብርሃን መናኸሪያ አጠገብ ባለው ሻይ ቤት ሰው ሁሉ ፊልሙ ላይ አፍጥጧል፤ አጠገቤ የተቀመጠችው ሴት ብቻ ጀርባዋን ለቴሌቪዥኑ ሰጥታለች። ሻርፗን እስከ አፍንጫዋ ጠቅልላለች፤ ለብርዱ ነው ብዬ ነበር። አስተናጋጇ «ምን ልታዘዝ?» ስትላት ግን የኔን ሻይ በጣቷ አሳየቻት። መናገር የማትችል መሰለኝ።

ፊልሙ ላይ ግማሽ አካሏ ብረት የሆነ ተዋጊ ሴት ሽጉጧን ደግና፣ በጠራ አማርኛ «አንድ እርምጃ ብትራመድ አለቀልህ!» ስትል፣ የሴትዮዋ ሻይ እጇ ላይ ተደፋ።

«ውይ፣ አቃጠለሽ እህቴ?» አልኳት።

«ደህና ነኝ» አለች። ክው አልኩ። የተዋጊዋ ድምፅ ነው።

ሻርፗን ዝቅ አደረገች። «ፊልም ወደ አማርኛ ሲመለስ የሷን ድምፅ የምሠራው እኔ ነበርኩ። ካቆምኩ ዓመት አለፈኝ። ይሄ ፊልም አዲስ ነው፤ ኮምፒውተር ነው በኔ ድምፅ የሚያወራው።»

«ታዲያ ለምን አትከሻቸውም?»

የአንኮበሩ ሚኒባስ ሞልቶ እንደሆነ በመስኮት አየች። «እሱስ ይቅር። እናቴ አንኮበር ብቻዋን ናት። ዛሬ ጠዋት ስደውልላት ‹ትናንት ደውለሽ እንዳልሽኝ ሰዎቹን ቤት አስገባኋቸው› አለችኝ።»

ስልኳን ደረቷ ላይ ለጠፈችው።

«እኔ ትናንት አልደወልኩላትም።»