አቤት የማይባልበት ጥሪ

ናዝሬት ፍርድ ቤት ደጃፍ ላይ ባለጉዳይ የሚጠራው ደገፋ እኚህን አሮጊት አያውቃቸውም፤ የለበሱትን ሰፊ የወንድ ኮት ግን ያውቀዋል። ባለፈው ቀጠሮ ከሳሹ ወጣት ለብሶት ነበር። አብዮት ጥበቃ ጠመንጃውን አንግቶ ባለፈ ቁጥር አሮጊቷ ጣቶቻቸውን እጅጌው ውስጥ ይሸሽጋሉ።

ደገፋ «ከሳሽ ገመቹ ነጋሳ» ብሎ ሲጣራ አንገታቸው ኮሌታው ውስጥ ሰመጠ። አቤት ያለ የለም።

ጠጋ ብሎ፣ «እናቴ፣ ልጅዎ ከሆነ ቶሎ ያስጠሩት። ካልቀረበ መዝገቡ ይዘጋል» አላቸው።

«የማንም እናት አይደለሁም» አሉ። ወዲያው ግን እጅጌውን እያሻሹ ጠየቁት፦ «ከተዘጋስ፣ ልጄ፣ ሁለተኛ ስሙን እነዚህ ባለጠመንጃዎች እየሰሙ በአደባባይ አይጠሩትም?»

ደገፋ ግራ ቀኙን ቃኘ።

«አንጠራውም» አላቸው በሹክሹክታ።