ሁልጊዜ የሚሞተው ፖላንዳዊ

ባሌ ከእኔ ቀጥሎ የሚወደው ሰው አንድ የማይታወቅ ፖላንዳዊ ተዋናይ ነበር። «ከእኔ ቀጥሎ» ያልኩት ለራሴ አድልቼ ነው እንጂ ማን እንደሚቀድም አላህ ያውቃል። ሐይቅ ከተማ ቪዲዮ ቤት ነበረን። እኔ በር ላይ ሆኜ ሰው አስገባለሁ፤ እሱ ማይክ ይዞ ፊልሙን በአማርኛ ያወራል። ያ ፖላንዳዊ እኛ ቤት ባሉት የጦር ፊልሞች ሁሉ ይሞታል። አንዴ መኮንን ነው፣ አንዴ ሽምቅ ተዋጊ፣ አንዴ ስሙ እንኳ የማይጠራ ሾፌር። ዋናው ተዋናይ እስኪመጣ እንኳ አይቆይም። «ምን ዓይነት እንጀራ ነው ይሄ፣ እየሞቱ ደመወዝ!» እያልኩ ባሌን አበሽቀው ነበር። እሱ ግን የሰውየውን ፎቶ ከነመኮንን ልብሱ በትልቁ አሳትሞ ግድግዳ ላይ ሰቀለው። አወዳደቁን እያስመሰለ ተመልካች ፊት ሲዘረር ቤቱ በሳቅ ይናጋል።

ለውጥ መጣ ተባለ፤ ጨፈርን። ብዙም ሳይቆይ ጦርነቱ ደጃችን ደረሰ። መብራት ጠፋ፣ ጎረቤት ሸሸ። እኛ «ማን ይነካናል» ብለን ቀረን፤ ጅሎች!

አንድ ጠዋት ሦስት ታጣቂዎች በሩን በርግደው ገቡ። አለቃቸው ፎቶውን አየ።

«ይሄ ፈረንጅ መኮንን ማነው? አሰልጣኛችሁ ነው?»

«ወላሂ የፊልም ሰው ነው!» አለ ባሌ።

በሰደፍ አፉን አለው። ጥርሱ ሲሚንቶው ላይ ሲንከባለል አየሁ።

«የፊልም ሰው ከሆነ ፊልሙን አሳየኝ።»

በምን መብራት? አለቃቸው መሣሪያውን አቀባብሎ የባሌ ግንባር ላይ ደገነ። እግሩ ላይ ወደቅሁ። «ልጄ፣ በእናትህ! በየፊልሙ የሚሞት ሰው ነው፤ ሌላ ሥራ የለውም! ባሌ አስመስሎ ያሳይህ!»

ምነው ያኔ ምላሴን በቆረጠው! ባሌ ደሙን እየዋጠ ተነሣ፤ ደረቱን ይዞ ተንገዳገደና ተዘረረ። ሳቁ። «ድገም!» አሉት። ደገመ። ተሰቅሎ የሞተበትን አሳየ፣ ውሃ ውስጥ የሰመጠበትን አሳየ። ዘገየህ ብለው ጎኑን ሲረግጡት የጎድን አጥንቱ ቀጭ ሲል ሰማሁ። «ድገም!» በመጨረሻ ወድቆ ቀረ። አለቃቸው በቡት ጫማው ጣቶቹን ጨፈለቃቸው፤ ባሌ አልተነቃነቀም።

«ሞቷል፣ እንሂድ» ብሎ ይዟቸው ወጣ።

የባሌን ፊት ወደ እኔ አዞርኩት። «ኢና ሊላሂ» ማለት ስጀምር ከንፈሩ ተንቀሳቀሰ።

«ሄዱ?» አለኝ።

በጥፊ አጮልኩት። ያንን የተሰባበረ ፊት፣ ወላሂ፣ በጥፊ! ከዚያ አቅፌው እሪ ልል አፌን ስከፍት የተጨፈለቁ ጣቶቹን አፌ ላይ ጫነብኝ። ገና ከደጃችን አልራቁም ነበር።