ንግሥት ያልነበረችው ሜብል

ከአምቦ እስከ ነቀምቴ ባለው መንገድ እኔን የመሰለ ደፋር ስደተኛ አልወጣም። ሌላው ሰው ጨለማ ለብሶ፣ ውሻ በጮኸ ቁጥር እየተርበደበደ ነው አገሩን የሚለቀው። እኔ ታደሰ ጉደታ ግን በጠራራ ፀሐይ፣ በገበያ ቀን፣ በቀበሌያችን ሊቀመንበር ፊት አልፌ፣ ያውም እሳቸው ጎንበስ ብለው እጅ ነስተውኝ ነው የወጣሁት።

እጅ የነሱት ግን ለቀሚሴ ነው። የባለቤቴን የጫልቱን ረጅም ቀሚስ ለብሼ፣ ነጠላ እስከ ዓይኔ ተከናንቤ፣ መንጋጋዬን በሻሽ ታስሬ ጥርሷን የታመመች አሮጊት ሆኜ ነበር። ቀሚሱ ጫልቱ የተዳረችበት ነው፤ ሌላ ደህና ቀሚስ አልነበራትም። የሦስት ወር ነፍሰ ጡር ነበረች። ነጠላውን ስታከናንበኝ "አደራህን አፍህን ዝጋ፤ እዚህ ያደረሰህ እሱ ነው" አለችኝ።

እውነቷን ነው። ካርቱም ስደርስ ለመዝጋቢዎቹ "የታወቅሁ የፖለቲካ ሰው ነበርኩ" ብያለሁ። የግብርና ጽሕፈት ቤት ታይፒስት ነበርኩ እንጂ ምንም አልነበርኩም። ያሰደደኝ አንዲት ቀልድ ናት። በውይይት ክበብ ሊቀመንበሩ አራተኛ ሰዓታቸውን ሲጀምሩ፣ አጠገቤ ላለው ሰው "ስኳር አለቀ፣ ሳሙና አለቀ፣ ላምባ አለቀ፤ በዚህ ከተማ ያላለቀ የእሳቸው ንግግር ብቻ ነው" ብዬ በሹክሹክታ ተናገርኩ። የእኔ ሹክሹክታ ደግሞ ከጉደር ማዶ ይሰማል። በማግስቱ ስሜ በቀበሌው መዝገብ ቀይ ቀለም ተሰመረበት።

ጨው በጫነ መኪና ላይ፣ ከሾፌሩ አጠገብ ተቀመጥኩ። ጉደር ኬላ ላይ አንድ ወታደር አንገቱን አስገብቶ፣

"አኮ፣ ምን ሆነሽ ነው?" አለኝ። በእኛ አገር ኦሮምኛ አሮጊት እንዲህ ነው የምትጠራው።

"ጥርሷን ነው፤ ሦስት ቀን አልተናገረችም" አለ ሾፌሩ። እኔ ሦስት ቀን አለመናገሬን የሚያምን ሰው ዓለም ላይ እሱ ብቻ ሳይሆን አይቀርም።

ወታደሩ ኪሱን ዳብሶ ቅርንፉድ አወጣና እጄ ላይ አኖረልኝ። "እኔንም ያመኛል፤ እዚህ ጋ ያዢው፣ አይዞሽ አኮ" አለኝ። ለራሱ ያስቀመጠው መድኃኒቱ ነው። እስከ እጃጂ ቅርንፉዱን እየመጠጥኩ ሄድኩ። ምላሴ ደነዘዘ፤ ኀፍረቱ ግን አልደነዘዘም።

ከዚያ ወዲያ ያለውን ሁሉም ስደተኛ ጽፎታል። ነቀምቴ፣ አሶሳ፣ ከዚያ በእግር፣ ድንበር። ካርቱም ሁለት ዓመት ተቀመጥኩ፤ ሙቀቱ ጥላዬን እንኳን አስፈርቶ እግሬ ሥር ይደብቃት ነበር። ለጫልቱ ችግር እንዳላመጣ ፈርቼ አንድ ደብዳቤ አልጻፍኩም። በኋላ አንድ የእርዳታ ማኅበር እንግሊዝ አገር አሳለፈኝ፤ ከለንደንም አልፈው ሰሜን ያለ፣ ዝናብ ከላይ ሳይሆን ከጎን የሚመጣበት ከተማ ላይ ጣሉኝ። የወንጪ ብርድ ብርድ ይመስላችኋል? የወንጪ ብርድ ቢያንስ ፀሐይ ስትወጣ አፍሮ ይሄዳል። ውሃቸውም ዝም ያለ ነው። አምቦ ላይ ውሃው ከመሬት ሲወጣ እየፈላ፣ እየተንሾካሾከ፣ አፍንጫ እየቆነጠጠ ነው፤ የእነሱ ውሃ ግን ጠጥተኸው እንደጠጣህ አታውቅም።

የመዘገበችኝ ሴትዮ ብዕሯን ይዛ፣

"የቤተሰብ ስም?" አለችኝ።

"ቤተሰባችን ስም የለውም፤ እያንዳንዳችን ግን አለን።"

"ከስምህ ቀጥሎ የሚመጣው ማነው?"

"አባቴ፣ ኦቦ ጉደታ።"

"እንግዲያው አንተ ሚስተር ጉደታ ነህ።"

"እሱ አምቦ ነው ያለው።"

"ከዛሬ ጀምሮ እዚህ ነው" አለችና ማህተሟን አሳረፈች።

በዚህ ዓይነት አባቴ፣ ከእጃጂ አልፎ የማያውቅ ሰው፣ እንግሊዝ አገር ታሞ ሐኪም ቤት ይጠራል፣ አውቶቡስ ላይ ይቆጡታል፣ በበረዶ አዳልጦት ይወድቃል። ታደሰ የት እንደገባ የጠየቀ የለም።

እኛ አገር ስም ትርጉም አለው ብዬ ቤት አከራዬን ለማጫወት "የእርስዎ ስም ምን ማለት ነው?" ብዬ ጠየቅኋት።

"ስሜ ነው ማለት ነው።"

"ወላጆችዎ ሲያወጡልዎ ምን አስበው ነው?"

"ወንድ ይወለዳል ብለው ነበር ያሰቡት። አሁን የፊት በሩን ዝጋ፣ ብርድ እያስገባህ ነው።"

ሥራ አገኘሁ፤ ሐኪም ቤት። እዚህ ላይ ቀስ ብላችሁ አንብቡ። ሥራዬ ሐኪም ቤቱ ምድር ቤት ውስጥ፣ ከልብስ ማጠቢያው ማሽን የሚወጣውን አንሶላ ማጠፍ ነበር። ነጭ ሽርጥ ያለብሱናል። ለአባቴ ስጽፍ "ሐኪም ቤት እሠራለሁ፤ ነጭ ልብስ እለብሳለሁ" አልኩ። ሁለቱም እውነት ነው። አምቦ ላይ ሁለቱን ደምረው ዶክተር አደረጉኝ። አባቴ ስለ ጉልበቱ ሕመም በዝርዝር ጻፈልኝ፤ እኔም ሳላፍር "በርከት ያለ ውሃ ይጠጡ" ብዬ መለስኩ።

አንሶላ ብቻውን አይታጠፍም። ሁለት ሰው ይፈልጋል፤ ጫፍና ጫፍ ይዞ መራመድ፣ መገናኘት፣ መለያየት ነው። በሌላው ጫፍ የቆመችው ሜብል ነበረች። ስልሳ ዓመት ያለፋት፣ ክንዷ እንደ ሸማኔ ክንድ የጠነከረ፣ ከአሥራ አራት ዓመቷ ጀምራ ልብስ ስታጥብ የኖረች ሴት። የአጣፊዎቹ አለቃ እሷ ናት። የመጀመሪያ ቀን "ሚስተር ጉደታ" ስትል ሰምቼ ወደ ኋላዬ ዞር አልኩ፤ ፊቴን አየችና፣

"ምነው?" አለችኝ።

"እሱ አባቴ ነው።"

"ለአንተስ ስም ማን ብለው አወጡልህ?"

በዚያ አገር ይህን የጠየቀኝ የመጀመሪያ ሰው እሷ ናት። "ታደሰ" አልኳት። ምላሷ ሦስት ቀን ታገለው፤ በአራተኛው ቀን አስተካክላ ጠራችኝ። አንሶላው ጀርባ ተደብቄ ዓይኔን ጠረግኩ። እንፋሎቱ ነው አልኳት።

በዚያው ሰሞን ከእንግሊዝ ለላክሁላት የመጀመሪያ ደብዳቤ የጫልቱ መልስ ደረሰኝ። "ልጅህ ሴት ናት፤ ሁለት ዓመት ሆናት። እስካሁን ሚጡ ነው የምንላት። አባትህ ስም አላወጣላትም አሉ። 'አባቷ በሕይወት እያለ እኔ ካወጣሁ ልጄን ገደልኩት ማለት ነው' ይላሉ። ስሟን ቶሎ ላክልን። ቀበሌ ካልተመዘገበች ራሽን የላትም።"

ሁለት ዓመት ሙሉ ልጄ ስም ያልነበራት እኔ እንዳልሞት ነው። ይህን አንብቤ የጻፍኩትን ስሙ። ስሟ ሜብል ይሁን አልኩ፤ ይህ ከልቤ ነው፣ ዛሬም አልጸጸትበትም። ግን "ማነች ሜብል?" ቢሉኝ ምን ልበል? ልብስ አጣቢ ናት ልበል? ከዚያስ "አንተ ከአጣቢ ጋር ምን ታደርጋለህ?" ይሉኛል። እኛ ዘንድ ወንድ ልጅ ልብስ ሲያጥብ ከታየ ወይ ወታደር ነው ወይ ሚስቱ ጥላው ሄዳለች። ስለዚህ "ሜብል ሰባት ቤተ መንግሥት የነበራት የእንግሊዝ ንግሥት ስም ነው" ብዬ ጻፍኩ። ሰባቱን ስጽፍ ብዕሬ እንኳን አልተንቀጠቀጠም።

ለሜብል ስነግራት ያጠፈችውን አንሶላ ጣለችው።

"በእኔ ስም? ልጅቷ ምን በደለችህ? ይሄ ስም አሁን የሚገኘው መቃብር ድንጋይና የላም አንገት ላይ ነው" አለች። ከዚያ ተመልሳ አንሶላውን አንስታ ፊቷ ላይ ያዘችው። ልጅ አልነበራትም። በሁለተኛው ወር ቢጫ ሹራብ ሠርታ አመጣችልኝ፤ "አሥር ዓመት ሲሆናት ይበቃታል፤ ልጅ ያድጋል ብዬ ነው" አለችኝ። ወደ አምቦ ላክሁት፤ ከትልቅ ሱቅ ገዛሁት ብዬ።

ከጥቂት ዓመት በኋላ መምህር ኃይሉ የሚባል የአምቦ ሰው ለትምህርት መጥቶ አገኘሁት። ገና እጄን ሳይለቅ መሳቅ ጀመረ።

"አንተ! ስላወጣኸው ስም አልሰማህም?"

"ምን ሆነ?"

"ጫልቱ ልጅቷን ልታስመዘግብ ደብዳቤህን ይዛ ሄደች። ሊቀመንበሩ 'ንግሥት' የሚለው ላይ ሲደርሱ መነጽራቸውን አወለቁ። 'ዘውዱን ከአዲስ አበባ አውርደን አምቦ ላይ ልታነግሡብን ነው?' ብለው ከነልጇ ሁለት ቀን አሰሯት። በስብሰባ ላይም ቆማ ራሷን እንድትሂስ ተደረገ።"

"ከዚያስ?"

"ኦቦ ጉደታ መጡ። 'ጃለኔ ብላችሁ ጻፏት' አሉ። ሰውዬው ሲጽፉ፣ ኦቦ በከዘራቸው ወለሉን መትተው 'ስም አወጣሁ፤ ልጄ ግን አልሞተም! እሱንም ጻፉት!' አሉ። ጫልቱ ግን ዛሬም ቤት ውስጥ ሜብል ነው የምትላት። 'አባቷ የሰጣት ነው' ትላለች።" ኃይሉ ትከሻዬን መታ አደረገኝ። "ምናለ የላብ አደር ስም ነው ብትል ኖሮ! የአጣቢ፣ የቀን ሠራተኛ! ሊቀመንበሩ አጨብጭበው የስኳር ራሽን ይጨምሩላት ነበር!"

ሳቅኩ። ከእሱ ጋር አብሬ ሳቅኩ፤ ምን ላድርግ፣ ቀልደኛ ነኝ። ጫልቱ ሁለት ቀን የታሰረችው በቀልዴ ሳይሆን በኩራቴ ነው፤ የሚያድናት እውነት ደግሞ በየቀኑ የአንሶላውን ሌላ ጫፍ ይዞ ፊቴ ቆሞ ነበር።

በማግስቱ ቤተ መጻሕፍት ገብቼ ስለ ስም የተጻፈ ወፍራም መጽሐፍ አወረድኩ። ሜብል የሚለው ስም ከላቲን የመጣ ነው፤ ሊወደድ የሚገባው ማለት ነው። ኖርማኖች የሚባሉ ድል አድራጊዎች ከባሕር ማዶ ይዘውት መጡ፤ ሰው ሲጠራው ሲጠራው ከፊቱ ያለው "አ" ተሸርፎ ወደቀ። ብዙ መቶ ዓመት ተረስቶ፣ በሜብል አያት ዘመን እንደገና ነፍስ ዘርቶ የሀብታሙም የገረዱም ልጅ ተጠራበት፤ ከዚያ አርጅቶ ቀረ። ንግሥት የምትባል የለችም። ሦስት ጊዜ አገላበጥኩ።

ጃለኔ ደግሞ በኦሮምኛ "ወደድናት" ማለት ነው። አባቴ ከቤቱ ሳይወጣ ያገኘውን ስም እኔ ሱዳንን አቋርጬ፣ ባሕር ተሻግሬ፣ በፖስታ መልሼ ላክሁለት።

ባለፈው ዓመት ቀጠሮ ይዘን አምቦ ቴሌ ደወልኩ። መጀመሪያ ጫልቱ ናት።

"የልጅህ መምህር የስማችሁን ትርጉምና ታሪክ ጽፋችሁ አምጡ ብለዋታል። አንተን ልትጠይቅ ነው" አለችኝ፤ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋም፣ "የንግሥቲቱን ነገር ግን ተወው። ለንግሥቲቱ የታሰርኩት ይበቃል።"

ከዚያ ልጄ መጣች። አሥራ አንድ ዓመቷ ነው።

"አባዬ፣ ሜብል ማነች?"

ትርጉሙን ነገርኳት፤ ኖርማኖቹን፣ የወደቀውን "አ"፣ የሞተውንና የተነሣውን ስም። ሰምታ ጨረሰችና ከስልኩ ወደ አያቷ ዞር ብላ፣

"አካኮ! ሁለቱም አንድ ናቸው!" ብላ ጮኸች። አባቴ ከጀርባዋ ሲያስል ሰማሁት። አሥራ ሁለት ዓመት ያልሰማሁትን ሳል።

"ንግሥት ናት ግን?" አለችኝ ተመልሳ።

"አይደለችም። ልብስ አጣቢ ነበረች። የላክሁልሽን ሹራብ በእጇ የሠራችው እሷ ናት።"

"ይህን ቢጫውን? አንተ ያለህበት ሐኪም ቤት ነው የምታጥበው?"

"አዎ።"

"አንተ ምኗ ነበርክ ታዲያ?"

እንዲህ ያለ የተከፈተ በር ለኃጢአተኛ ሁለቴ አይመጣም። አባቴ አጠገቧ ነው፤ ጫልቱ አጠገቧ ናት። አፌን ከፈትኩ።

"አለቃዋ" አልኩ።

"እሺ፣ እሱንም እጽፈዋለሁ" አለች፤ መስመሩም ተቋረጠ።

ሜብል አምና ጡረታ ወጣች። አለቃዋ አልነበርኩም፤ አለቃዬ እሷ ነበረች። እኔ የታጠበ አንሶላ አጣፊ ነኝ።