የፈረንሳይ መርከብ በዛሂር

በደርግ ዘመን ከድሬዳዋ በጅቡቲ አድርጌ ጅዳ ስገባ ሀብቴ ፈረንሳይኛዬ ብቻ ነበር። ወደቡ ላይ ለአንድ ፈረንሳዊ መሐንዲስ አስተርጓሚ ሆኜ ተቀጠርኩ። ጁምዓ ጁምዓ ደግሞ መካ፣ ዛሂር ሰፈር፣ የእናቴ ዘመድ የሆኑ አሮጊት ቤት እሄዳለሁ። እዚያው መካ የተወለዱ፣ አማርኛቸውን ግን ከወሎዋ አያታቸው የተማሩ ሴት ናቸው። ሰው ሁሉ ሐጃ ይላቸዋል።

ሐጃ አንድ የልብስ ሣጥን አላቸው። ክዳኑ የመርከብ ሳንቃ ነው፤ የመርከቢቱ ስም በፈረንሳይኛ ተቀርጾበታል። እንደ ቤተሰቡ ወሬ፣ አያታቸው በልጅነቷ ተሸጣ ከሌሎች ልጆች ጋር በጀልባ ስትጫን፣ ይህች የጦር መርከብ ሸራዋን ወጥራ፣ መድፏን እያስጓራች አሳድዳ አስጣለቻት። አያትየዋ ፈረንሳዮች በያዙት የጅቡቲ ወደብ፣ ኦቦክ አድጋ፣ አግብታ፣ መርከቢቱ ስትፈርስ የገዛችውን ሳንቃ ይዛ ለሐጅ መጣችና እዚህ ቀረች። ሐጃ ይህን ተቀምጠው አውርተው አያውቁም፤ ሻርፓቸውን እንደ ሸራ እየዘረጉ ነው።

"ልጄ፣ ፈረንጁን እስቲ ጠይቅልኝ። ሌላስ ማንን አድናለች? ሳልሞት ልወቃት፣ ወላሂ!" አሉኝ።

እኔም ነገር መቆፈር ነፍሴ ነው። መሐንዲሱ ደግሞ የድሮ መርከብ ከተነሳ ምሳውን የሚረሳ ሰው ነበር። ስሟን ስነግረው ወዲያው አወቃት። በወጣትነቷ መድፍ ተሸክማ ውቅያኖስ አቋርጣለች፤ ኋላም ወታደርና ፈረስ አመላልሳለች። የእንፋሎት መርከብ ሲመጣ ግን ጡረታ ወጣች።

"ከዚያስ?" አልኩት።

ከዚያማ ምሰሶዋን ነቅለው፣ መድፏን አውርደው፣ በሌላ መርከብ አስጎትተው ኦቦክ ላይ አቆሟት። የከሰል መጋዘን ሆነች። እስክትፈርስ ድረስ ከዚያ ንቅንቅ አላለችም።

ሐጃ ዕድሜ ልካቸውን ያመሰገኗት መርከብ ቀይ ባሕር ላይ ማንንም ማሳደድ አትችልም ነበር። ልደብቃቸው አሰብኩ፤ ግን እኔን አፌ መች አርፎልኝ ያውቃል? በሚቀጥለው ጁምዓ ዘረገፍኩት።

ሐጃ እጃቸውን ሳንቃው ላይ አሳረፉ።

"ሸራ የላትም?"

"የላትም፣ ሐጃ።"

"ከቦታዋም አትንቀሳቀስም?"

"አትንቀሳቀስም። ይቅር ይበሉኝ።"

"ታዲያ አያቴን እንዴት አገኘቻት?"

ጥያቄውን ራሳቸው ሊፈቱት ጣሪያ ጣሪያውን ያዩ ጀመር።

"ሱብሃነላህ!" አሉ በመጨረሻ። "አያቴ እኮ የወሎዋ ሐይቅ ልጅ ናት፤ እስክትሸጥ ድረስ ውኃ ዳር ነው ያደገችው። ጅዳ ስንሄድ እኛን ሴቶቹን ባሕር እያስገባች ዋና ታስተምረን ነበር። ሰው ሲስቅብን ደንታም አልነበራት።" ሳንቃውን በመዳፋቸው መታ አደረጉ። "መርከቢቱ አልመጣችላትም፣ ልጄ። እሷ ናት ከጀልባው ዘላ፣ ዋኝታ የሄደችው። ብቻዋን!"

አለቀሱ። እንባቸውን ሳይጠርጉ ጥያቄ ያዘንቡብኝ ጀመር፦ ስንት ዓመቷ ነበር? ጀልባው ከመርከቢቱ ምን ያህል ይርቅ ነበር? ሌሎቹስ ልጆች አብረዋት ዘለው ይሆን? ይህን ሊነግራቸው የሚችል ሰው አንድም በሕይወት አልነበረም።