የእግረኛው በር

ባለ መኪና ሁሉ ስማ፤ መስታወትህን የዘጋህም ዝቅ አድርገህ ስማ። ከትንሽ ከተማ የመጣ አንድ ፀጉር አስተካካይ ዛሬ በገዛ እግሩ ጎዳና ወጥቷልና መንገድ ልቀቅለት።

ማንም አልለቀቀለትም።

ሰውየው የመጣው ታላቅ ወንድሙን ሊላጭ ነው። ወንድምየው ከሰዓት በኋላ ደረቱን ሊቀደድ ሆስፒታል ተኝቷል፤ "ብሞትም ጢሜን ሌላ እጅ አይነካውም፣ ድረስልኝ" ብሎ ልኮበታል። ሰውየው ካረፈበት ከወንድሙ ቤት መስኮት ሆስፒታሉ ቁልጭ ብሎ ይታያል። የወንድሙ ልጅ ግን በስልክ፣ "ጋሼ፣ እንዳትነቃነቅ፤ መኪና ይዤ እየመጣሁ ነው" አለው።

"እዚህችው አይደል እንዴ?"

"ጋሼ ደግሞ፣ እዚህ አገር ማን በእግሩ ይሄዳል?"

ጠበቀ፣ ጠበቀና ትዕግሥቱ ሲያልቅ ምላጩንና ብሩሹን ሸክፎ ወረደ።

የእግረኛ መንገድስ ለወጉ ያህል አለ። መኪኖች እንደ ጠገበ በሬ ተጋድመውበታል። ከሆዳቸው የሚንጠባጠበው ዘይት ጫማው ላይ ተለጠፈ፤ ጭሳቸው ጉሮሮው ውስጥ እንደ ጥላሸት ተጋገረ። መሻገሪያ ፍለጋ ወደ ላይ ወጣ፣ ወደ ታች ወረደ፤ ሆስፒታሉ እንደ ሹመት ከሩቅ እየታየ የማይደረስበት ሆነ። አንዱ ጎረምሳ መስኮቱን ዝቅ አድርጎ፣ "አባባ፣ በግ ጠፋብዎት?" አለና የኩሬ ጭቃ አልብሶት ነጎደ።

እንደ ምንም የሆስፒታሉ በር ላይ ደረሰ።

"መኪናዎስ?" አለ ዘበኛው።

"የለኝም።"

ዘበኛው ለቅሶ እንደሚደርስ ሰው አንገቱን ደፋ። "ይሄ የመኪና በር ነው፣ አባት። የእግረኛው በጓሮ ነው።"

አጥሩን ዞረ። የእግረኛው በር ደረት የሚደርስ ብረት ነው፤ አንድ ነጭ መኪና አፍንጫውን ወትፎበት ቆሟል። ቢያንኳኳ፣ ቢጣራ፣ "የሰው ያለህ" ቢል ዝር የሚል ጠፋ። ያ ሽማግሌ ምን ያድርግ? ኮፈኑ ላይ ወጥቶ በሩን ተሻገረ።

መኪናው ጮኸ። ለሰው ጩኸት ደንቆሮ የነበረው ግቢ ያን ጊዜ ጆሮ አወጣ። ዘበኛው ሮጠ፣ ጽዳቷ ሮጠች፣ ባለ መኪናው በነጠላ ጫማ ወጣ። "ተጫረ?" እየተባባሉ ኮፈኑን እንደ ሕመምተኛ ሕፃን ዳበሱት። ጉልበቱ ተልጦ የሚደማውን ሰውዬ ዞር ብሎ ያየው የለም። እነሱ ሲያሻሹ እሱ ሾልኮ ገባ።

ወንድሙን ጎማ ባለው አልጋ ሊገፉት ሲሉ ደረሰ። እግር ያለው ሰው እንኳ እዚህ ሲታመም ጎማ ይገጠምለታል።

"ሐኪሙ እየጠበቀ ነው" አለች ነርሷ።

"አንድ ጉንጭ ብቻ፣ እመቤቴ።"

ሳሙናውን ቀብቶ ግራውን ላጨ።

"ምነው እስካሁን?" አለ ወንድሙ።

"በእግሬ ነው የመጣሁት።"

ወንድምየው ፊቱን አጨማደደ። ልቡ በክር ተንጠልጥሎም ዝቅ ባለ ድምፅ፣ "ስትመጣ ሰው አይቶሃል?" ሲል ጠየቀው።

ፀጉር አስተካካዩ እንትፍ ሊል አፉ ድረስ የመጣውን ምራቅ፣ ሆስፒታል ነው ብሎ ዋጠው። አልጋው ተገፋ፤ ቀኝ ጉንጭ ሳሙናውን እንደተቀባ ገባ።

አንባቢ ሆይ፣ ያ ነጭ መኪና ይህ እስከተጻፈ ድረስ ከበሩ ላይ አልተነሳም። ያንተ ከሆነ ስለ ጭረቱ ኋላ እንካሰሳለን፤ ለአሁኑ ግን ቁልፍህን አንሳና፣ እባክህ፣ በእግርህ ሄደህ በሩን ልቀቅ።