በፀሐይ የሞላው ወንዝ

ልጅ ሳለሁ በአንድ ጥያቄ ሰው አሳጣሁ፤ ከፍ ብዬ መልሱን ሳውቅ ደግሞ ዝም አልኩ።

ያኔ ከአገር ቤት ወጥተን ሲልቨር ስፕሪንግ ከመጣን ብዙ አልቆየንም ነበር። በሰመር፣ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ፣ ሰፈራችን ያለው ፓርክ ውስጥ በቆሎ እንጠብስ ነበር። ሲመሻሽ የአባቴ ጓደኛ ጋሼ ደምሴ የመጀመሪያውን በቆሎ ለእኔ ይሰጡና ወደ ተረታቸው ይገባሉ። ከእኛ በፊት መጥተው አላስካ ሠርተዋል። በከሰል የጠቆረ ጣታቸውን በወረቀት ሳህን ላይ እያስኬዱ የዚያን አገር ወንዝ ይስሉልን ነበር፤ ከተራራው በረዶ ሥር ሲወጣ አመድ የተበጠበጠበት ውሃ እንደሚመስል፣ ጠጠር ሜዳው ላይ ሲደርስ እንደ ሹሩባ እየተከፋፈለ እየተገናኘ እንደሚወርድ፣ የዳር ዳሩ ቀጫጭን ጥዶችም፣ ሥራቸው የረገጠው መሬት በረዶ ስለሆነ፣ እንደ ሰካራም ተደጋግፈው እንደሚቆሙ። ጭሱ ዓይኔን እያቃጠለኝ ከአጠገባቸው አልነሣም ነበር።

አንድ እሑድ እትዬ ሙሉ መጡ። ወንድማቸው ታደሰ ከጋሼ ደምሴ ጋር ሲሠራ እዚያ ወንዝ ውስጥ የቀረ ነው።

«እስቲ ደምሴ፣ እንዴት እንደሆነ ከአፍህ ልስማው» አሉ።

ጋሼ ሳህኑን ገለበጡት። «ጠዋት ስንሻገር ጉልበት አይደርስም ነበር። ከሰዓት ፀሐዩ አናት ይበሳል፣ ቅንጣት ደመና የለም። ስንመለስ ሞልቶ ጠበቀን። እንቆይ አልኩት። ‹ዝናብ ሳይኖር ምን ያስፈራሃል› ብሎኝ ገባ።»

ይሄኔ እኔ፣ «ጋሼ፣ ዝናብ ሳይዘንብ ወንዝ እንዴት ይሞላል?» አልኩ።

«እሰይ፣ ጠይቂልን! ደምሴ ፀሐይ ያዘንባል» አለ አንዱ፤ ተሳቀ። ሁላችንም የምናውቀው ወንዝ በሐምሌ ሰማይ ሲጠቁር የሚሞላውን ነው። እትዬ ሙሉ ግን አልሳቁም።

«ወንድሜን ጥለኸው ነው የመጣኸው» ብለው ተነሥተው ሄዱ።

ጋሼ ያዩትን ተናገሩ እንጂ ለምን እንደሞላ እሳቸውም አያውቁም። የያዙትን በቆሎ አመዱን አራግፈው እጄ ላይ አኖሩልኝ። ከዚያ ወዲያ ተረት አልነገሩንም፤ ቆይተውም በመኪና ግማሽ ሰዓት ወደሚርቀው አሌክሳንድሪያ ቤት ቀየሩ።

ሃይስኩል ስገባ አስተማሪያችን ከበረዶ ተራራ የሚነሣ ወንዝ ሰማይ በጠራ ቀን፣ ከሰዓት በኋላ፣ ፀሐይ በረዶውን ስታቀልጠው እንደሚሞላ ነገረችን። በቆሎው እጄ ላይ ያለ መሰለኝ። ለእትዬ ሙሉ መደወል እችል ነበር። አፈርኩ። ነገ፣ ነገ እያልኩ ልጅ ወልጄ አሳደግኩ።

ባለፈው ዓመት ጋሼ ደምሴ ዐረፉ። ለቅሶ ቤት እትዬ ሙሉን አገኘኋቸው፤ አጠገባቸው ተቀምጬ ሁሉንም ነገርኳቸው።

«ይህን መቼ ነው ያወቅሽው፣ ልጄ?» አሉኝ።

«ሃይስኩል እያለሁ።»

ነጠላቸውን ወደ ፊታቸው ሳቡ።

ዛሬም ሰማይ ጥርት ባለ ከሰዓት፣ ያ በከሰል የተሳለ ወንዝ ይታየኛል፤ የጋሼ ጣትም ቀስ ብሎ ቁልቁል ሲወርድ። እሳቸውን ይቅርታ መጠየቅ አልችልም። እስከዚህ ያነበባችሁ፣ እናንተ ይቅር በሉኝ።