ያልወረደው ዱላ

ከፊልም ዳይሬክተሩ ከጋሽ ድንበሩ ጋር ሥራ የጀመርኩ ዕለት ማይክሮፎን ሳልይዝ ዋልኩ። ከአዲስ አበባ መጥተን መንዝ፣ መሐል ሜዳ ከተማ የገባነው በዋዜማው ነበር። ጠዋት ዕቃዬን ዘርግቼ ገመድ ስፈትሽ መጡና፣ "ተወው፤ ዛሬ አትቀዳም። ከተማውን ዙርና የሰማኸውን ማታ ትነግረኛለህ" አሉኝ።

ያሾፉብኝ መሰለኝ። እስከዚያ ድረስ የሠርግ ቪዲዮ ድምፅ ነበር የምቀዳው፤ ሠርግ ላይ ደግሞ ማዳመጥ የሚባል ነገር የለም፣ ማይኩን ስፒከር ሥር መደቀን ነው። ማታ "ምን ሰማህ?" አሉኝ።

"ንፋስ።"

"ሌላስ?"

"በግ።"

"እሱንማ ከአውቶቡስ ሳትወርድም ትሰማዋለህ። ነገም ዙር!"

ተናደድኩ። በማግስቱ ገበያ ውስጥ ስንከራተት ግን አንድ ነገር ገባኝ። ሰው ዋጋ ሲከራከር ይጮኻል፣ የእውነት ሲጣላ ግን ድምፁ ዝቅ ይላል። ይህን ስነግራቸው "በል አሁን ዕቃህን አውጣ" አሉኝ።

ጊዜው የኢሕአዴግ ዘመን ነው፤ በቪዲዮ ካሜራ ፊልም መሥራት ገና እየተለመደ ነበር። እሳቸው ዳይሬክተር፣ አንድ ካሜራማን፣ አንድ የመብራት ሠራተኛ፣ እኔ ድምፅ። የመንዝ ንፋስ ማይክሮፎን ውስጥ ገብቶ ያጓራል፤ ማይኩ ላይ የሚለብሰው ስፖንጅ ጨርሶ አልቻለውም። ትንሽ አጎዛ ገዝቼ ሰፋሁለትና ጸጥ አለ። ጋሽ ድንበሩ ሲያዩት ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ።

ዛሬ የእሳቸውን ፊልሞች የሚያጠኑ ወጣቶች እየመጡ ይጠይቁኛል። የምነግራቸው ያየሁትን ነው። ሌላው ዳይሬክተር ተዋናዩ ንግግሩን እንደጨረሰ "ካት" ይላል። እሳቸው ግን ይጠብቃሉ። ሰው ተናግሮ ከጨረሰ በኋላ ፊቱ ላይ የሚመጣው ነገር ነው የሚፈልጉት፤ የፊልሞቻቸው ጉልበት ሁሉ እዚያች ላይ ነው። ጉድለትም አላቸው። የመጀመሪያዎቹ ፊልሞቻቸው ውስጥ ሴት ማለት ውኃ ቀድታ የምትገባ ብቻ ናት፤ ይህንኑ ፊት ለፊት ብነግራቸው "እውነትህን ነው" ብለዋል። ግትር ናቸው፣ ቀርፋፋም ናቸው። ቢሆንም እንደሳቸው ያለ ባለሙያ አላየሁም፤ እወዳቸዋለሁ፣ ምን ላድርግ!

ያን ጊዜ የምንሠራው ፊልም በማሳ ወሰን የተጣሉ የሁለት ወንድማማቾች ታሪክ ነበር። መጨረሻው ላይ ታላቁ ታናሹን በሰው ፊት በዱላ ይገድለዋል፤ ሰዉ ደግሞ ዝም ብሎ ያያል። ጋሽ ድንበሩ ስክሪፕቱን ለዓመታት ሲጽፉት ሲሰርዙት የኖሩት ለዚያች ዝምታ ሲሉ ነው። ገንዘቡን ያወጣው ፕሮዲዩሰር በበኩሉ ለግድያው ሲል ነው የገባበት፤ ሞት የሌለበት ፊልም አይሸጥም ባይ ነው።

ትዕይንቱን ዘመሮ ከተማ አጠገብ ልንቀርጸው የአካባቢውን ገበሬዎች ሰብስበን አቆምን። "አክሽን!" ተባለ። ታላቅ ወንድም የሆነው ተዋናይ ዱላውን ሲያነሣ፣ አንድ ጎልማሳ ጋቢውን ወርውሮ ከኋላ ጥምጥም አለበት። "ተው! ተው በእመብርሃን!"

"ካት!" ሁላችንም ሳቅን። ጋሽ ድንበሩ ደጋግመው አስረዱ፦ ጨዋታ ነው፣ ማንም አይሞትም፣ ማንም እንዳይንቀሳቀስ። "እሺ፣ እሺ" አሉ ሁሉም።

እንደገና ጀመርን። ወንዶቹ እንደምንም ችለው ቆሙ። ዱላው ተነሣ። የዚህን ጊዜ ከኋላ ሆነው የበግ ጸጉር ሲፈትሉ የነበሩት አሮጊት፣ እማማ አስካለ፣ "በሕግ አምላክ!" ብለው ጮኹ። ጩኸቱ ጆሮዬን ቢበሳው ማዳመጫዬን አውልቄ ልወረውር ምንም አልቀረኝም።

በሕግ አምላክ የተባለ ሰው ባለበት ይቆማል፤ ሽፍታም ቢሆን። ተዋናዩም የመርሐቤቴ ልጅ ነው፤ ወጉን ያውቀዋል። ዱላውን እንዳነሣ ደርቆ ቀረ።

"አውርደው እንጂ! ምን ሆንክ?" አለው ቀረጻውን ሊያይ መጥቶ የነበረው ፕሮዲዩሰር።

"በሕግ አምላክ ተባልኩ እኮ!"

ፕሮዲዩሰሩ ቱግ አለ። "በትኑልኝ እነዚህን! አጃቢ ኤክስትራ ከአዲስ አበባ በአውቶቡስ እናመጣለን። ይህ ዱላ ካልወረደ እኔ የለሁበትም።"

ጋሽ ድንበሩ ወደ አሮጊቷ ሄዱ። "እማማ፣ ጨዋታ ነው ብዬዎት አልነበረም?"

"ጨዋታ መሆኑንስ መች አጣሁት ልጄ? ግን ይህ ነገር በቴሌቪዥን ይታይ የለም? ልጆቼ ደብረ ብርሃን ናቸው። እናታችን ቆማ እያየች ሰው አስገደለች ይበሉኝ? ከዚያ በኋላ በየትኛው ዓይኔ ነው ለቅሶ ቤት የምገባው?"

ሌሎቹም አጉረመረሙ። ያ ጋቢውን የወረወረው ሰውዬ "እሳቸው እውነታቸውን ነው" አለ።

ጋሽ ድንበሩ ካብ ላይ ተቀመጡና "የቀዳኸውን አሰማኝ" አሉኝ። መልሼ መላልሼ አሰማኋቸው። እኔ ፈርቻለሁ፤ ፕሮዲዩሰሩ ከሄደ የስንት ዓመት ልፋታቸው ሜዳ ላይ መቅረቱ ነው። በመጨረሻ ማዳመጫውን አውልቀው ተነሡ።

"ሐሰተኛው የኔ ስክሪፕት ነው" አሉ። "እዚህ አገር ሰው እያየ ዝም አይልም። ወንድማማቾቹን አላገዳድላቸውም።"

"ታዲያ መጨረሻው ምን ሊሆን ነው?" አለ ፕሮዲዩሰሩ።

"ሁለቱም በሕይወት ይኖራሉ። በአንድ መንገድ ወደ ቤታቸው ይመለሳሉ። ከሞት እሱ ይከብዳል።"

"ያልወረደ ዱላ ለማየት ማን ትኬት ይቆርጣል?"

"እንጃ። እነዚህን ሰዎች ግን ሰው ሲገደል ዝም ብለው ያዩ አድርጌ አላሳይም።"

ፕሮዲዩሰሩ መኪናውን አስነሥቶ ሄደ። በማግስቱ ካሜራውን አንድ ቦታ ተክለን ቀረጽን። እማማ አስካለን "የትናንቱን ይበሉልን" ብንላቸው፣ "በባዶ ሜዳ? መጀመሪያ ይጣሉ እንጂ!" ብለው ተቆጡን። ተጣሉላቸው፤ ጮኹ፤ ዱላው አየር ላይ ቆመ። ጋሽ ድንበሩ "ካት" ሳይሉ ጠበቁ፣ ጠበቁ። የተዋናዩ ፊት ተለወጠና አለቀሰ። ስክሪፕቱ ላይ እንባ የሚል የለም። እኔም ማይኩ የተሰቀለበትን ረጅም ዘንግ፣ ቡሙን፣ እንደያዝኩ አለቀስኩ።

ፊልሙ ሌላ ባለገንዘብ እስኪያገኝ ሣጥን ውስጥ ከረመ። አዲስ አበባ ሲታይ አዳራሹ ግማሹ ባዶ ነበር፤ "ዳይሬክተሩ መጨረሻው ላይ ፈራ" ያሉም ነበሩ። ጋሽ ድንበሩ ብዙ ከፋቸው፤ ሲጋራ ላይ ሲጋራ እየለኮሱ ዋሉ።

ከዚያ መሐል ሜዳ ወስደን በአንድ አዳራሽ አሳየን። ሰዉ በመስኮት ሳይቀር ተንጠልጥሏል። ዱላው ሲነሣ፣ እማማ አስካለ ፊልሙ ላይ አፋቸውን ሳይከፍቱ፣ አዳራሹ በሙሉ ከመቀመጫው ተነሥቶ "በሕግ አምላክ!" አለ። እማማ አስካለ ራሳቸው ከፊት ወንበር ዞረው "ቆይ እኔ ልበል እንጂ!" ብለው ተቆጡ። ከለፋሁበት ድምፅ አንዲት ፊደል እንኳ አልተሰማችም። የቀዳሁት ሳይሰማ ቀርቶ ደስ ያለኝ ያን ቀን ብቻ ነው።

ሥራውን አሁን ለምትጀምሩ፦ አብራችሁት የምትሠሩትን ዳይሬክተር ስትመርጡ ስንት ፊልም እንደሠራ አትጠይቁ። ስክሪፕቱና ሰዉ ሲጋጩበት የቱን እንደሚሰርዝ እዩ።